የምትቆመዋ ልጅ

ጓደኛዬ አንዲት ሳሞአዊት ባልቴት ስታስቅ በጆሮ ማዳመጫ እየሰማሁ አንድ ሙሉ ጸደይ አሳለፍኩ። ሥራዬ የተቀዳውን ድምፅ ወደ ጽሑፍ መገልበጥ ነበር። ተናጋሪው ሲስቅ በቅንፍ ውስጥ «ሳቅ» ብሎ መጻፍ ደንብ ነው። ጓደኛዬ ከቀዳቻቸው ውስጥ በአንድ ገጽ ላይ ስድስት ሰባት ጊዜ «ሳቅ» እጽፋለሁ። እኔ ራሴ በመጀመሪያዎቹ ቅዳሜዎች ከቀዳኋቸው ውስጥ ግን አንድ ጊዜ ብቻ ጽፌያለሁ፤ እሱም በመስኮቱ በኩል የሚታይ ሽኮኮ ከአጥር ላይ ስለወደቀ ነው።

የዩኒቨርሲቲ የመጨረሻ ዓመቴ ነበር። የቋንቋ ጥናት ተማሪ ነኝ። አንድ ቀን መምህራችን ከማዳጋስካር እስከ ሃዋይ ያሉ ሕዝቦች አምስት ቁጥርን ምን ብለው እንደሚጠሩ ሰሌዳው ላይ ደርድረው ጻፉ። ዲሚ፣ ሊማ፣ ሊማ፣ ሪማ፣ ሊማ። የነዚህ ሰዎች አያት ቅድመ አያቶች ከታይዋን ተነስተው፣ በታንኳ ከደሴት ወደ ደሴት እየተሻገሩ፣ የዓለምን ትልቁን ውቅያኖስ ሞሉት። ሺህ ዓመታት በውኃ ተለያይተዋል፤ ቃሉ ግን እዚያው አለ። በሳሞአኛ ዛሬም ሊማ ማለት አምስት ነው፤ እጅ ማለትም ነው።

እኔ በዲቪ ከቤተሰቤ ጋር አትላንታ ስገባ አሥራ አራት ዓመቴ ነበር። ታናሽ ወንድሜ በሁለት ዓመት ውስጥ አማርኛውን ጣለ፤ አሁን ስጠራው «ዋት?» ይለኛል። ሰሌዳውን እያየሁ ወንድሜን አሰብኩ። እንግዲህ በዚያ ዓመት መጀመሪያ የቀናሁት በሰው ሳይሆን በቃላት ነው።

ኮርሱን እንድትወስድ ጓደኛዬን የጎተትኳት እኔ ነኝ። ክላርክስተን ውስጥ በአንድ አፓርትመንት ግቢ ነው የምንኖረው። እሷ ስትመጣ የሦስት ዓመት ልጅ ስለነበረች ከአማርኛዋ ይልቅ እንግሊዝኛዋ ይቀድማል።

«ኢዚ ነው?» አለችኝ።

«ኢዚ ነው» አልኳት። ብቻዬን መግባት ፈርቼ ነው እንጂ ቀላል እንዳልሆነ አውቅ ነበር።

መምህራችን በአትላንታ ዙሪያ የሚኖሩ የፓሲፊክ ደሴቶች ሽማግሌዎችን ንግግር እየቀዱ ያስቀምጣሉ። በፌብሩዋሪ ሁለታችንንም ቢሯቸው ጠሩን። «ሰመር ላይ ወደ ሳሞአ አንድ ረዳት ይዤ እሄዳለሁ። ሁለታችሁም ከአንድ ተናጋሪ ጋር ሥሩና በኤፕሪል መጨረሻ እወስናለሁ» አሉን። ከቢሮው ስንወጣ ጓደኛዬ «ቢች አለ አይደል?» ብላ ጠየቀችኝ። እኔ ግን ያንን የረዳትነት ቦታ የፈለግሁት በቃላት ልገልጸው በማልችለው መንገድ ነበር። ሳሞአኛ ከጀመርኩ ዓመት አልፎኛል፤ መዝገበ ቃላቱን እንደ ዳዊት ነው የደገምኩት። ሌላ የምፈልገው ነገር አልነበረኝም።

የተመደቡልን ተናጋሪ፣ ባልቴቷ፣ የሚኖሩት ከአትላንታ ወጣ ብላ ባለችው ዱሉዝ፣ ከሴት ልጃቸው ጋር ነው። ልጅየዋ ዌርሃውስ ውስጥ ስለምትሠራ ነጻ የምትሆነው ቅዳሜ ቅዳሜ ነው። እኔ ሃይዌይ ስለምፈራ አልነዳም፤ ስለዚህ የምንሄደው በጓደኛዬ መኪና ነበር።

«ባዶ እጃችንን አንገባም» አልኳት የመጀመሪያው ቀን።

«ሶ፣ አበባ እንግዛ?»

«ለትልቅ ሰው አበባ? ሞተዋል እንዴ?»

ዶራቪል መንገድ ላይ ካሉት ገበያዎች አንዱ ጋ ፓርክ አደረገች። ጎደሬ ፈልጌ አገኘሁ። በደሴቶቹ የዘወትር ምግብ እንደሆነ አንብቤያለሁ፤ አባቴም በወጣትነቱ አርባ ምንጭ ስለሠራ እንዴት እንደሚመረጥ አውቃለሁ። እያነሳሁ ክብደቱን ለካሁ፣ በጥፍሬ ጫር ጫር አድርጌ መረጥኩ። ቤቱ ስንደርስ እኔ መቅጃውንና ደብተሩን ስለያዝኩ ከረጢቱን የተሸከመችው ጓደኛዬ ነበረች። ባልቴቷ ከረጢቱን ከፍተው ሲያዩ ፊታቸው በራ። የእሷን ጉንጭ ይዘው ሳሟት። ጎደሬው የኔ ነው ማለት ነውር ነው።

ሳሎኑ ውስጥ ሶፋ አለ፤ የታጠፈ ልብስ ተከምሮበታል እንጂ ማንም አይቀመጥበትም። ባልቴቷ መሬት ላይ በተነጠፈ ሰሌን ላይ ጀርባቸውን ግድግዳ አስደግፈው፣ እግራቸውን አጣጥፈው ተቀመጡ። እኔ በሥርዓት ነው ያደግሁት። ትልቅ ሰው ሲገባ ይነሱለታል፣ «ኖር» ይባላል። ትልቅ ሰው ቤት ሲገቡም ቆመው ይጠብቃሉ። «ተቀመጪ» ሲባሉ «ግድ የለም» ይላሉ። ሁለተኛም እንዲሁ። በሦስተኛው፣ ባለቤቱ ሲምል ሲገዘት፣ ጫፉ ላይ ቁጢጥ ይላሉ። እጄን አጣምሬ፣ ወገቤን ሰበር አድርጌ፣ መስታወት ፊት የተለማመድኩትን የሳሞአኛ ሰላምታ አቀረብኩ። ባልቴቷ ሰሌኑን በእጃቸው መታ መታ አደረጉት።

«ተቀመጪ እያለችሽ ነው» አለች ልጃቸው በእንግሊዝኛ።

«እሺ፣ ግድ የለም» ብዬ ቆምኩ። እንደገና መታ መታ አደረጉት፤ እንደገና «ግድ የለም» ብዬ ሦስተኛውን ጠበቅሁ፤ አልመጣም።

ጓደኛዬ ዘጭ ብላ ተቀመጠች። ያውም እግሮቿን ወደ ባልቴቷ ዘርግታ! እኔ በእሷ ፈንታ ክው አልኩ። ባልቴቷ ምላሳቸውን ጠቅ ጠቅ እያደረጉ ከሶፋው ክምር ላይ አበባ ያለበት ሽርጥ ሳቡና እግሯ ላይ ወረወሩባት። ከዚያ ትከሻቸው እስኪንቀጠቀጥ ሳቁ።

«እኛ ጋ እግር ወደ ሰው አይዘረጋም፤ ከተዘረጋ ደግሞ ይሸፈናል» ብላ አስረዳች ልጃቸው።

«ኦ ማይ ጋድ፣ ሶሪ!» አለች ጓደኛዬ። ባልቴቷ ጉልበቷን ቸብ ቸብ አደረጓት።

እኔ ላይ የሚታይ ጥፋት አልነበረም። ስለዚህ የሚሳቅልኝም የሚሸፈንልኝም ነገር አልነበረም። ላላስቸግራቸው ብዬ የቃላት ዝርዝሬን እዚያው እንደቆምኩ ጠየቅሁ። ታንኳ? ዝናብ? መረብ? አንድ አንድ ቃል መለሱልኝ። ቀና ብለውም አላዩኝም።

እንደዚህ አራት ቅዳሜዎች አለፉ። የመጀመሪያው ግማሽ ሰዓት የኔ ነው፤ ቀጥሎ እኔ ወጥ ቤት ገብቼ ከልጃቸው ጋር ስቀመጥ ጓደኛዬ ትቀዳለች። ከግድግዳው ማዶ ሳቁ ይሰማኛል። ጥያቄ አታዘጋጅም፣ ደብተር የላትም። «ዛሬ ምን በሉ?» ብላ በእንግሊዝኛ ትጀምራለች፤ እሳቸው በሳሞአኛ ይቀጥላሉ፤ አንዱንም ሳትረዳ «የስ፣ የስ» ትላለች። እሳቸው ግን በዓመት አንዴ ከባሕር ሥር ስለሚወጣው ፓሎሎ ስለሚባል ትል፣ ጎሕ ሳይቀድ መንደርተኛው ሁሉ መረብ ይዞ ውኃ ውስጥ ስለሚገባበት ቀን፣ እናታቸው በእጃቸው እየዘገኑ ጥሬውን ስላጎረሷቸው አርባ ደቂቃ ሙሉ ተረኩላት። አርባ ደቂቃ! ቋንቋው ለማይገባት ልጅ! የሚገባኝ እኔ ያገኘሁት «ዝናብ» የሚለውን ቃል ነው። ቆሽቴ አረረ።

እናቴ የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ነው የምትሠራው። አንድ ቀን ከሥራ ገብታ ጫማዋን እያወለቀች አየችኝ።

«አንቺ፣ ፊትሽ ምን ሆኖ ነው የጎመዘዘው?»

«ምንም።»

«ልጅቷ መኪና ስለያዘች ነው?»

«ኧረ አይደለም እማዬ።»

«ታውቂያለሽ፣ እኔን "አንቺ" ነው የምትለኝ። ባለፈው ፍሪጄን ከፍታ ምሳዬን በላችብኝ። ግን ምን ላድርግ፣ እወዳታለሁ። ታስቀኛለች።»

«እኔስ?»

እናቴ ሁለተኛውን ጫማዋን አወለቀች። «አንቺማ ታከብሪኛለሽ» አለች።

መገልበጡን የምሠራው እኔ ነበርኩ፤ ጓደኛዬ ስለማትችል የእሷንም ጭምር። በማርች መጨረሻ አንድ ከሰዓት በኋላ ቤተ መጻሕፍት ተቀምጬ የመጨረሻውን ቅጂዋን ስሰማ ባልቴቷ የጀመሩትን ታሪክ አቋርጠው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። ያሉት ይህ ነበር፦ «ያቺ የምትቆመዋ ልጅ ዛሬም መጣች። እንደ ፖሊስ ከአናቴ ላይ ቆማ ትጠይቀኛለች። እንዲህ ለሚያደርግ ሰው ምን ይወራለታል?» ጓደኛዬ «የስ፣ የስ» አለች። ሁለቱም ሳቁ።

መልሼ ሰማሁት። ተሳስቼ እንደሆነ ብዬ እያንዳንዱን ቃል መዝገበ ቃላት ውስጥ ፈለግሁ። አልተሳሳትኩም። ከዚያ ማንበብ ያለብኝን ነገር ዘግይቼ አነበብኩ፦ እነሱ ጋ አክብሮት ዝቅ ማለት ነው። የተቀመጠ ትልቅ ሰው ፊት ቆሞ መናገር ንቀት ነው። እኔ ደግሞ አራት ቅዳሜ ሙሉ በአክብሮት ሰድቤያቸዋለሁ።

መጀመሪያ የተሰማኝ ኀፍረት ቢሆን ኖሮ ደስ ባለኝ። መጀመሪያ የተሰማኝ ቅናት ነበር። ሁለታችንም አጥፍተናል፤ የእሷን ጥፋት በሽርጥ ሸፈኑት፣ እኔን ግን ለእሷ አሙኝ። ወዲያው ደግሞ መምህሩ ትዝ አሉኝ። ይህን ጽሑፍ ያነባሉ። ባልቴቷ ማንን እንደመረጡ ከዚህ በላይ ማስረጃ አያስፈልጋቸውም።

ድምፅ ሲደፈን፣ የአየር ማቀዝቀዣ ሲጮህ ወይም መኪና ሲያልፍ በቅንፍ «የማይሰማ» ተብሎ ይጻፋል። በገጾቼ ላይ እዚህም እዚያም አለ። ሦስቱን ዓረፍተ ነገሮች አጥፍቼ «የማይሰማ» ብዬ ጻፍኩ። እስከዚያች ቀን ድረስ አንድ ቃል ያለ ቦታው አስቀምጬ አላውቅም። ፋይሉን ላክሁት።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ከበሩ ጀምሮ አጎንብሼ ገባሁ። አፌን ሳልከፍት ሰሌኑ ላይ ተቀመጥኩ፣ እግሬን አጣጠፍኩ። ባልቴቷ ለረጅም ጊዜ አዩኝ። በእጃቸው የነበረውን ማራገቢያ ሰጡኝ። ዝርዝሬን አላወጣሁም። አባታቸው ታንኳ እንዴት እንደሚጠርቡ በእጃቸው አየሩን እየቀረጹ ሃያ ደቂቃ ነገሩኝ። ቤቴ ገብቼ ስገለብጠው «ሳቅ» አራት ጊዜ ጻፍኩ። በዚያው ቀን የእሷ ግን ዘጠኝ ነበር። ይህን የማውቀው ስለቆጠርኩ ነው። ቀድሞ በደፈናው እቀና ነበር፤ አሁን በቁጥር ሆነ።

በኤፕሪል መጨረሻ መምህራችን ራሳቸው ከእኛ ጋር ዱሉዝ መጡ። ኮምፒውተራቸውን ሰሌኑ ላይ አስቀምጠው ጎንበስ ብለው ተቀመጡ፤ እሳቸው ደንቡን ያውቃሉ። «ከመወሰኔ በፊት "የማይሰማ" የተባሉትን ቦታዎች ለልጃቸው እናሰማ። እናት ቋንቋዋ ስለሆነ እኛ ያመለጠንን እሷ ትይዘዋለች» አሉ።

የኔው ስንተኛ ላይ እንደሆነ በልቤ ቆጠርኩ። አንድ በአንድ ማሰማት ጀመሩ። የመኪና ድምፅ። የአየር ማቀዝቀዣ። ልጅየዋ «አይ፣ ይሄ ለኔም አይሰማም» ትላለች። ከዚያ የኔው ደረሰ።

«እንዴ፣ ይሄማ ግልጥልጥ ያለ ነው!» አለችና ቀና ብላ አየችኝ። አፏን በእጇ ሸፈነች።

«ምን ይላሉ?» አሉ መምህሩ።

«ምንም... ቀልድ ነው።»

ባልቴቷ ግን የገዛ ድምፃቸውን ሰምተዋል። ምንም አላፈሩም። ጣታቸውን ወደ እኔ ቀስረው በተሰባበረ እንግሊዝኛ «አንቺ! ቆመሽ፣ ቆመሽ፣ ቆመሽ! ፖሊስ!» አሉ።

ጓደኛዬ በሳቅ ወደቀች። እኔ እንባዬን እየታገልኩ እኛ አገር ለትልቅ ሰው መቆም ክብር እንደሆነ፣ እንግዳም ሦስት ጊዜ ሳይለመን እንደማይቀመጥ አስረዳሁ። ልጃቸው ተረጎመችላቸው። ባልቴቷ ግንባራቸውን ቋጥረው አሰቡ።

«ሦስት ጊዜ?» አሉ።

«አዎ።»

«እኔ ሁለት ጊዜ ነበር ያልኩሽ» አሉና ሳቁ። ሁላችንም ሳቅን። ነገሩ ሁሉ በዚያው ያለፈ መሰለኝ።

መምህሩ ስንወጣ መኪናቸው አጠገብ ለብቻዬ አስቀሩኝ።

«ስላንቺ የተናገሩት ነገር ምንም አይደለም። እንዲያውም በሙሉ ሥራው ውስጥ እንደሱ ያለ ጥሩ ነገር የለም» አሉ። «ግን ድምፁ ይሰማል።»

«አዎ።»

«አንቺም ሰምተሽው ነበር።»

«አዎ።»

መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉ። «ደሴቱ ላይ የጻፍሽውን የሚያጣራልኝ ሰው የለም። ያመለጠሽን ማስተማር እችላለሁ። የደበቅሽውን ግን እንዴት አውቃለሁ?»

የተናገሩት ያለ ቁጣ ነበር። ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር። እውነቱን ጽፌ ቢሆን ኖሮ ቦታውን ላገኝ እችል እንደነበር የገባኝ ያኔ ነው። በገዛ እጄ የቀበርኩት የእኔኑ የተሻለ ገጽ ነው።

ቦታው የጓደኛዬ እንደሆነ መምህሩ ለእሷም ነገሯት። መኪና ውስጥ ሞተሩን ሳታስነሳ ዞራ አየችኝ።

«ሶ፣ አንቺ እየሰማሽ፣ እኔ ስላንቺ ሲያወሩ እንደ ደደብ "የስ የስ" እያልኩ ስስቅ... ለምን አልነገርሽኝም?»

«አፈርኩ።»

«ኖ፣ ተናደሽብኛል። አውቃለሁ እኮ።» መሪውን በጣቷ መታ መታ አደረገች። «ልጅት፣ ስሚኝ። ቦታውን አልፈልግም ልበለው? ለአንቺ ይስጥሽ። ሲርየስሊ።»

ከእግር ጥፍሬ እስከ ራስ ፀጉሬ «አዎ» አለ። አፌ ግን «ኧረ በፍጹም! ሂጂ» አለ። እንደገና እንድትለምነኝ ጠበቅኋት። ትንሽ ብትገፋኝ፣ «በሞቴ» ብትለኝ እሺ ለማለት ተዘጋጅቻለሁ። እሷ ግን ያደገችው እዚህ ነው፤ አንዴ እምቢ ካሉ እምቢ ነው።

«ኦኬ» አለችና መኪናውን አስነሳች። «ዩ ሹር?» እንኳን አላለችም።

ጁን ላይ ሄደች። መምህሩ ለሰመሩ የሰጡኝ ሥራ በጽሑፎቼ ያሉትን «የማይሰማ» ሁሉ አንድ በአንድ መልሼ እንድሰማ ነበር። ሌሎቹ በእውነትም የማይሰሙ ነበሩ። ይህን ለራሴም ለማሳመን ሦስት ሳምንት ፈጀብኝ።

ጁላይ ላይ ብቻዬን ዱሉዝ ሄድኩ፤ እስከ ዶራቪል በባቡር፣ ከዚያ በአውቶቡስ። የሚቀዳ ነገር አልነበረኝም። ልጅየዋ ከፍታልኝ ወደ ጓዳ ገባች። ባልቴቷ ስለ ጓደኛዬ ጠየቁኝ። ስልኬን አውጥቼ የላከችልኝን ፎቶ አሳየኋቸው። ከሴቶች መሀል ተቀምጣ በቅጠል ላይ ያለ ጎደሬ በኮኮናት ወተት ትበላለች፤ ከኋላዋ ባሕሩ ይታያል። እኔ ፎቶውን ቤቴ ሆኜ ደጋግሜ አጉልቼ አይቼዋለሁ። የማየው ደስ ብሏት እንደሆነ ነበር። ደስ ብሏታል።

ባልቴቷም በሁለት ጣት አጎሉት። ግን ጓደኛዬን አልፈው ነው የሄዱት። ባሕሩን፣ ከዳር የቆመውን ታንኳ፣ የአንዷን ሴትዮ ትከሻ እያንቀሳቀሱ አዩ። ለስንት ዓመት እንዳልሄዱ ጠይቄያቸው አላውቅም ነበር። በዝርዝሬ ላይ አልነበረም።

ልጃቸው ለመተርጎም አጠገባችን አልነበረችም። ባልቴቷ ስልኩን ሳይመልሱልኝ በሳሞአኛ አጠር አድርገው ተናገሩ። ቀናሁባት፣ ማለታቸው ነው።

«እኔም» አልኳቸው በቋንቋቸው።

ፊቴን ትንሽ መረመሩና ጠጋ አሉልኝ። ማያ ገጹ ጠፍቶ ነበር። «እንደገና አብሪው» አሉኝ።